የኳስ ሜዳው ሰው፤ ይድነቃቸው ተሰማ

ከትምህርት ቤት ወደየቤታችሁ ስትመለሱ፣ በሆሳዕና መናኸሪያ አካባቢም ሆነ በዱራሜ፣ በሾኔና በአንጋጫ ሜዳዎች ላይ፣ ከጨርቅና ከአሮጌ ካልሲ የተሠራች ኳስ ስትንከባለል ሳታዩ የምትቀሩበት ቀን ጥቂት ነው። ምናልባትም እናንተው ራሳችሁ ደብተራችሁን በድንጋይ ተጭናችሁ፣ ያንኑ ድንጋይ የጎል ምልክት አድርጋችሁ ትጫወቱ ይሆናል። ሁለት ልጆች ተራ በተራ እየመረጡ ቡድን ሲከፍሉ የሚጠየቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ እርሱም መጫወት መቻል ነው። የማን ልጅ እንደ ሆነ፣ በቤቱ ሀዲይኛ ይናገር ወይም ከምባትኛ፣ ወላጆቹ ነጋዴዎች ይሁኑ ወይም እንሰት ተካዮች፣ የሚመረምር የለም። ይህ ለእናንተ የተለመደ ስለ ሆነ፣ ሰዎች በየአዳራሹ የተሟገቱበትና ዋጋ የከፈሉበት ጉዳይ መሆኑን ላታስቡት ትችላላችሁ። ከእነዚያ ሰዎች መካከል አንዱ ኢትዮጵያዊ ነበር።

ይህ ሰው ይድነቃቸው ተሰማ ይባላል። ስሙን እስቲ እንደ ሰዋስው ተማሪ ተመልከቱት። ደነቀ ከሚለው ግስ የወጣ ትእዛዝ አንቀጽ ሲሆን፣ መጨረሻው ላይ ያለው ቅጥያ ተሳቢውን ያመለክታል። ስለዚህ አንድ ቃል ብቻ ሆኖ ሳለ ሙሉ ዓረፍተ ነገር ነው። ለሕፃን እንዲህ ያለ ስም የሚያወጣ አባት ከቃል ጋር የተወዳጀ መሆን አለበት ብላችሁ ብትገምቱ አልተሳሳታችሁም። አባቱ ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በግጥማቸውና በዜማቸው በመላ አገሪቱ የታወቁ ሰው ነበሩ። በዳግማዊ ዐፄ ምኒልክ ዘመን ወደ ጀርመን አገር ሄደው ድምፃቸውን በሸክላ ያስቀረጹ የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊ እርሳቸው ናቸው። ዛሬ የሙዚቃ ታሪክ የሚጽፉ ሁሉ ከነጋድራስ ተሰማ ሸክላዎች ይጀምራሉ።

ይድነቃቸው የተወለደው በጅማ ከተማ መስከረም 1 ቀን 1914 ዓ.ም. ነው። የተወለደበት ዕለት የዘመን መለወጫ በዓል መሆኑን ልብ በሉ። በዚህ ታሪክ ውስጥ የምታገኟቸው ዓመታት፣ ሌላ ካልተባለ በቀር፣ በኢትዮጵያ አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው። ልጁ ወደ አዲስ አበባ መጥቶ በተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት ገባ። ያ ትምህርት ቤት በዚያ ዘመን የውጭ አገር ቋንቋና የዘመናዊ ትምህርት መቅሰሚያ ከነበሩት ጥቂት ቦታዎች አንዱ ነበር። ኳስም ወደ ከተማዋ ልጆች የገባችው በአብዛኛው በተማሪዎችና በከተማዋ ይኖሩ በነበሩ የውጭ አገር ሰዎች በኩል ነው። አርመኖች፣ ግሪኮች፣ ጣሊያኖችና ሌሎችም በየማኅበራቸው ተሰባስበው ሲጫወቱ የአራዳ ልጆች ዳር ቆመው ያዩ ነበር። ዳር ቆሞ ማየት ግን ልጅን ለረጅም ጊዜ አያረካውም።

በ1928 ዓ.ም. ታኅሣሥ ወር በአራዳ ጊዮርጊስ አካባቢ የሚኖሩ ወጣቶች የራሳቸውን ቡድን አቋቋሙ። ለዚህ ሥራ ግንባር ቀደም የሆኑት አየለ አትናሽና ጆርጅ ዱካስ ነበሩ፤ ለቡድኑም ቅዱስ ጊዮርጊስ የሚለውን ስም ሰጡት። የሆሳዕና ልጆች ይህን ስም በሚገባ ታውቁታላችሁ። ሀዲያ ሆሳዕና ወደ ፕሪምየር ሊግ ካደገ በኋላ ከገጠማቸው ቡድኖች መካከል አንዱ ይኸው አንጋፋ ክለብ ነውና። ይድነቃቸው ገና በለጋ ዕድሜው ወደዚህ ቡድን ገባ።

ነገር ግን ዘመኑን አስተውሉ። የፋሺስት ኢጣሊያ ጦር ኢትዮጵያን የወረረው በዚያው ዓመት በመስከረም ወር ነበር። ክለቡ በተመሠረተ በአምስተኛው ወር፣ ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም.፣ የጠላት ጦር አዲስ አበባ ገባ። ይድነቃቸው የ14 ዓመት ልጅ ነበር። የተማረው ትምህርት ተቋረጠ፤ ጠላት ለኢትዮጵያውያን ልጆች ከፍ ያለ ትምህርት እንዲሰጥ አይፈቅድም ነበርና። ከተማዋም በዘር ተከፈለች። ለነጩ አንድ ሠፈር፣ ለአገሬው ሌላ ሠፈር፤ ለነጩ አንድ ገበያ፣ ለአገሬው ሌላ ገበያ ተወሰነ። ኢትዮጵያዊና ኢጣሊያዊ በእኩልነት እንዳይኖሩ የሚከለክል ሕግ ታወጀ።

ይህ ሕግ እስከ ኳስ ሜዳ ድረስ ዘልቆ ገባ። የአገሬው ልጆች እርስ በርሳቸው ይጫወቱ ዘንድ ተፈቀደላቸው እንጂ ከገዦቹ ቡድኖች ጋር መጋጠም አልተፈቀደላቸውም። የቅዱስ ጊዮርጊስ ቡድንም ስሙን እንዲለውጥ ተገደደ። ነገሩን በሚገባ ለመረዳት ራሳችሁን በዚያ ልጅ ቦታ አድርጋችሁ አስቡ። ኳሷን እርሱም ይመታል፣ ባለ ጋራውም ይመታል፤ ሜዳው አንድ ዓይነት አፈርና ሣር ነው። ሆኖም ባለ ጋራው ቢሸነፍ ሕጉ የቆመበት ሐሳብ ይፈርሳልና ግጥሚያው ከመጀመሪያውኑ ይከለከላል። የዘር ሕግ ከሚፈራቸው ነገሮች አንዱ የእግር ኳስ ውጤት ነበር ብል ያጋነንሁ አይመስለኝም። ይድነቃቸው ከ14 እስከ 19 ዓመቱ ድረስ ያሉትን ዓመታት ያሳለፈው በዚህ ሁኔታ ነው። እናንተ አሁን በዚያው የዕድሜ ክልል ውስጥ ትገኛላችሁ፤ በዚህ ዕድሜ የተቀረጸ ነገር በቀላሉ እንደማይጠፋ ታውቃላችሁ።

ጠላት ድል ተመትቶ ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. አዲስ አበባ ሲገቡ፣ ከተማዋ ከተያዘችበት ዕለት አንሥቶ ልክ አምስት ዓመት ሆኖ ነበር። እስከዚህ ድረስ ታሪካችን ስለ አንድ ልጅ ስለ ነበረ እርሱ እያልን ጽፈናል። ከዚህ በኋላ ግን ልጁ ለአካለ መጠን ደርሷልና አንቱ ማለት ይገባናል።

አቶ ይድነቃቸው ከነጓደኞቻቸው የክለባቸውን ስም መልሰው ያዙ። በ1936 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የመጀመሪያው የሻምፒዮና ውድድር ተካሄደ። ተወዳዳሪዎቹ አምስት ነበሩ። ከእነርሱም ውስጥ የኢትዮጵያውያን የነበረው ቅዱስ ጊዮርጊስ ነው። አራራት የአርመኖች፣ ኦሎምፒያኮስ የግሪኮች፣ ፎርቲቱዶ ደግሞ በከተማዋ የቀሩት ኢጣሊያውያን ቡድን ነበር። አምስተኛው የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮን ሲሆን፣ ዋንጫውን የወሰደውም እርሱ ነው። ለእኛ ታሪክ ግን ከዋንጫው ይልቅ የስም ዝርዝሩ ይበልጣል። ከሦስት ዓመት በፊት በአንድ ሜዳ እንዳይገናኙ በሕግ ተከልክለው የነበሩት ኢትዮጵያውያንና ኢጣሊያውያን አሁን በአንድ የውድድር መዝገብ ላይ እኩል ተጽፈው፣ በአንድ ዳኛ ፉጨት ይጀምሩና ያቆሙ ነበር። ቅዱስ ጊዮርጊስ የሻምፒዮናውን ዋንጫ ለመጀመሪያ ጊዜ ያነሣው በ1942 ዓ.ም. ነው።

አቶ ይድነቃቸው በዚህ ክለብ 23 ዓመት ተጫውተዋል። ከስማቸው ጋር ተመዝግቦ የሚገኘው ቁጥር 365 ጨዋታና 318 ጎል ነው። ሒሳቡን እናንተው ሥሩት፤ በስምንት ጨዋታ ሰባት ጎል ያህል ይሆናል። በብሔራዊ ቡድንም 15 ጊዜ ተሰልፈዋል። እንዲህ ያለ ጎል አግቢ በዛሬ ጊዜ ቢገኝ ክለቦች በብዙ ገንዘብ ይሻሙበት ነበር። በዚያን ጊዜ ግን በአገራችን ለኳስ ተጫዋች ደመወዝ የሚባል ነገር አልነበረም። ተጫዋቹ ቀን በሥራው ውሎ፣ ከሥራ በኋላ ልምምዱን አድርጎ፣ በእረፍት ቀን ይጋጠማል። አቶ ይድነቃቸውም እንዲሁ ነበሩ። ነገር ግን ለእርሳቸው የኳስ ሥራ በሜዳ ላይ አላበቃም። ሜዳ መኖር አለበት፤ ዳኛ መሠልጠን አለበት፤ ደንብ መጻፍ አለበት፤ ውድድር በፕሮግራም መካሄድ አለበት። ይህን ሁሉ የሚያስተዳድረውን የኢትዮጵያ እግር ኳስ ፌዴሬሽን ካደራጁትና ረጅም ዘመን ካገለገሉት ሰዎች መካከል ስማቸው በግንባር ቀደምትነት ይጠራል። ቅዳሜ ጸሐፊ፣ እሑድ ጎል አግቢ መሆን እንዴት ያለ ሕይወት እንደ ነበር መገመት ለእናንተ እተዋለሁ።

አሁን ከአዲስ አበባ ወጥተን ወደ ጎረቤት አገር ወደ ሱዳን እንሂድ። በ1949 ዓ.ም. ከአፍሪካ አገሮች አብዛኞቹ ገና በቅኝ ግዛት ሥር ነበሩ። ጋና እንኳ ነጻ የወጣችው በዚያ ዓመት በየካቲት ወር መጨረሻ ነው። በወሩ መጀመሪያ ላይ፣ የካቲት 1 ቀን፣ የአራት አገሮች መልእክተኞች የአፍሪካን እግር ኳስ የሚያስተዳድር ድርጅት ለማቋቋም በካርቱም ተሰበሰቡ። አገሮቹ ግብፅ፣ ሱዳን፣ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ ነበሩ። ኢትዮጵያን ወክለው የተገኙት የ35 ዓመቱ ይድነቃቸው ተሰማ ናቸው። ከስብሰባው ጋር ተያይዞ የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ እዚያው ካርቱም እንዲካሄድ ታቅዶ ስለ ነበር፣ አራቱ ቡድኖች ሁለት ሁለት ሆነው በግማሽ ፍጻሜ እንዲጋጠሙ ተደለደሉ። ለኢትዮጵያ የደረሰቻት ደቡብ አፍሪካ ነበረች።

ችግሩ የመጣው እዚህ ላይ ነው። በደቡብ አፍሪካ ከ1940 ዓ.ም. ጀምሮ አፓርታይድ የተባለው የዘር መለያየት የመንግሥት ፖሊሲ ሆኖ ነበር። የዚያ አገር መልእክተኛ በጉባኤው ፊት ያቀረቡት ሐሳብ፣ አገራቸው ወይ ነጮች ብቻ ያሉበትን፣ ወይ ጥቁሮች ብቻ ያሉበትን ቡድን ልትልክ ትችላለች፣ ሁለቱን የቀላቀለ ቡድን ግን አትልክም የሚል ነበር። ላይ ላዩን ሲታይ ነገሩ እንደ ስምምነት ሐሳብ ይመስላል። ጥቁሮች ብቻ ያሉበት ቡድን ይምጣ ቢባል ምን ይጎዳል? ብሎ የሚጠይቅ ሰው ሊኖር ይችላል። ነገር ግን በአዲስ አበባ በጠላት ዘመን የአገሬው ልጆችም መጫወት አልተከለከሉም ነበር፤ የተከለከሉት አብሮ መጫወትን ነው። ለብቻህ ተጫወት የሚለው ፈቃድ ምን ማለት እንደ ሆነ ከመጽሐፍ ሳይሆን ከገዛ ጉርምስናቸው የሚያውቁ ሰው በጉባኤው ላይ ተቀምጠው ነበር። አቶ ይድነቃቸው ሐሳቡን አጥብቀው ተቃወሙ። ግብፅና ሱዳንም ከኢትዮጵያ ጋር ቆሙ። ደቡብ አፍሪካ የተቀላቀለ ቡድን ለማቅረብ እንቢ ስላለች ከውድድሩ ወጣች። የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽንም በሦስቱ አገሮች ተመሠረተ።

ይህ ውሳኔ ለሁሉም በነጻ የተገኘ አልነበረም። አራት ቡድኖች የነበሩት ውድድር ሦስት ብቻ ቀሩት። ኢትዮጵያ አንድም ጨዋታ ሳትጫወት ለፍጻሜ ደረሰች፤ እንዲህ ያለ ማለፍ ደግሞ ለተጫዋች ብዙ አያስደስትም። የካቲት 9 ቀን ከግብፅ ጋር ተጋጥማ 4 ለ 0 ተሸነፈች፤ አራቱንም ጎሎች ያገባው ኤል ዲባ የተባለ አንድ ተጫዋች ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ በግንቦት 1951 ዓ.ም. በካይሮ ሁለተኛው ዋንጫ ሲካሄድም ቡድናችን በግብፅ 4 ለ 0፣ በሱዳን 1 ለ 0 ተሸንፎ ተመለሰ። እንግዲህ የኢትዮጵያ ቡድን በአፍሪካ ዋንጫ ሦስት ጊዜ ተጫውቶ ዘጠኝ ጎል ሲገባበት እርሱ አንድም አላገባም ነበር። ፌዝ የሚወዱ ሰዎች በዚያ ሰሞን ምን ብለው እንደ ነበር መገመት አያስቸግርም።

ሦስተኛው ዋንጫ በ1954 ዓ.ም. በአዲስ አበባ፣ ሕዝቡ ካምቦሎጆ እያለ በሚጠራው ስታዲየም ተካሄደ። የኢትዮጵያ ቡድን አሠልጣኝ አቶ ይድነቃቸው ነበሩ። ስለዚህ ቡድን ብዙ ሊባል ይቻላል፤ እኔ ግን አንድ ነገር ብቻ እንድታስተውሉ እፈልጋለሁ። የቡድኑ አምበል ሉቺያኖ ቫሳሎ ይባላል፤ ወንድሙ ኢታሎም አብሮት ይጫወት ነበር። ሁለቱ ወንድማማቾች ከኢጣሊያዊ አባትና ከኤርትራዊት እናት የተወለዱ ናቸው። በጠላት ዘመን ሕግ መሠረት እንዲህ ያለ ልደት ራሱ እንደ ነውር ይቆጠር ነበር። በጉርምስናው ከኢጣሊያውያን ጋር እንዳይጫወት የተከለከለው የአራዳ ልጅ ግን አሁን የ40 ዓመት አሠልጣኝ ሆኖ፣ የኢጣሊያዊ ልጅ አምበል የሆነበትን የኢትዮጵያ ቡድን ወደ ሜዳ አሰለፈ።

በመጀመሪያው ግጥሚያ ቱኒዚያ 4 ለ 2 ተሸነፈች። የፍጻሜው ጨዋታ የተደረገው ጥምቀት በዋለ በሦስተኛው ቀን፣ ጥር 13 ቀን ነው። ተጋጣሚዋ ያለፉትን ሁለት ዋንጫዎች የወሰደችውና በካርቱምም ሆነ በካይሮ 4 ለ 0 ያሸነፈችን ግብፅ ነበረች። በ35ኛው ደቂቃ ባዳዊ ለግብፅ አገባ። ሕዝቡ እየጮኸ፣ ቡድናችንም እየሞከረ፣ ጨዋታው ሊያልቅ ሩብ ሰዓት ያህል ሲቀረው ግርማ ተክለ አቻ አደረገ። ደስታው ገና ሳይበርድ፣ አንድ ደቂቃ እንኳ ሳይሞላ፣ ያው ባዳዊ ሁለተኛውን አገባ። እንዲህ ያለው ጎል ከሁሉ ይልቅ ልብ ይሰብራል። የዚያ ቀን ተጫዋቾች ግን ልባቸው አልተሰበረም። በ84ኛው ደቂቃ አምበሉ ሉቺያኖ ውጤቱን 2 ለ 2 አደረሰው፤ መደበኛው ሰዓትም በዚሁ አለቀ። በተጨማሪው ሰዓት ኢታሎ ሦስተኛውን፣ ጨዋታው ሊፈጸም ሦስት ደቂቃ ሲቀረው ደግሞ መንግሥቱ ወርቁ አራተኛውን አገቡ። ሉቺያኖ ቫሳሎ ዋንጫውን ከንጉሠ ነገሥቱ እጅ ተቀበለ። ኢትዮጵያ የአፍሪካን ዋንጫ የወሰደችው በዚያን ዕለት ብቻ ነው።

ከዚህ በኋላ የአቶ ይድነቃቸው ሥራ ከሜዳ ይልቅ በጉባኤ አዳራሽ ሆነ። ዓለም አቀፉ የእግር ኳስ ፌዴሬሽን፣ ፊፋ፣ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1966 በእንግሊዝ ለሚደረገው የዓለም ዋንጫ ከ16ቱ ቦታዎች ለአፍሪካ፣ ለእስያና ለኦሺያኒያ በጠቅላላ አንድ ቦታ ብቻ መደበ። የአፍሪካ አሸናፊ እንኳ ከሌላ ክፍለ ዓለም አሸናፊ ጋር እንደገና መጋጠም ነበረበት። አቶ ይድነቃቸውና የጋናው ኦሄኔ ጃን ይህን በመቃወም አስተባበሩ፤ የአፍሪካ ቡድኖችም ከማጣሪያው ወጡ። ፊፋ መቀጫ ጣለባቸው። በዚያ ዋንጫ ላይ አንድም የአፍሪካ አገር አልነበረም፤ ነገር ግን በውድድሩ ከሁሉ የበለጠ፣ 9 ጎል ያገባው ዩሴቢዮ በሞዛምቢክ ተወልዶ ለፖርቱጋል የሚጫወት አፍሪካዊ ነበር። የቀጣዩ ዋንጫ ድልድል ሲወጣ ለአፍሪካ ሙሉ አንድ ቦታ ተሰጣት፤ በ1970 ሞሮኮ በሜክሲኮ ተሰለፈች። በ1982 ደግሞ ቦታው ሁለት ሆነ።

የዩሴቢዮ ጉዳይ ከአቶ ይድነቃቸው ሐሳብ የማይጠፋ ጥያቄ ያስነሣል። ምርጥ ተጫዋቾች ለገንዘብ ወደ አውሮፓ ክለቦች ቢሄዱ የአፍሪካ ሜዳ ምን ይቀርለታል? ኮንፌዴሬሽኑ እስከ 1982 ድረስ በአፍሪካ ዋንጫ ላይ አንድ ቡድን ከውጭ አገር ሁለት ተጫዋቾች ብቻ እንዲያሰልፍ ይፈቅድ ነበር። አቶ ይድነቃቸውም በስደቱ የአፍሪካ እግር ኳስ እንዳይራቆት አብዝተው ይሰጉ ነበር። ያለ ደመወዝ 23 ዓመት ለአንድ ክለብ ለተጫወተ ሰው ይህ ሥጋት የሚያስገርም አይደለም። ደመወዙ ቤተሰቡን ለሚያሳድርለት ወጣት ግን ነገሩ ሌላ መልክ አለው። ደንቡ ከጊዜ በኋላ ተሽሯል፤ እኔም በዚህ ጉዳይ ጊዜው ከእርሳቸው ይልቅ ለወጣቶቹ የፈረደ ይመስለኛል።

አቶ ይድነቃቸው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1972 የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆነው ተመረጡ። በዓለም አቀፉ የኦሎምፒክ ኮሚቴም አባል ነበሩ። በካርቱም የተነሣው ጉዳይ ግን በእነዚህ ዓመታት ሁሉ ከእርሳቸው ጋር ነበር። ፊፋ ደቡብ አፍሪካን አንድ ጊዜ ሲያግድ፣ ሌላ ጊዜ እገዳውን ሲያነሣ፣ እንደገናም ሲያግድ ቆየ። አፍሪካውያኑ በየጉባኤው ያንኑ አንድ ነገር ሳይሰለቹ ይደጋግሙ ነበር። በ1968 ዓ.ም. በሐምሌ ወር፣ በካናዳ በሞንትሪያል በተደረገው ጉባኤ፣ ደቡብ አፍሪካ ከፊፋ ሙሉ በሙሉ ተባረረች። ከካርቱም ስብሰባ እስከዚያ ዕለት ድረስ 19 ዓመት አልፎ ነበር።

ይድነቃቸው ተሰማ በፕሬዚዳንትነታቸው ላይ እንዳሉ ነሐሴ 13 ቀን 1979 ዓ.ም. ዐረፉ። በዘመን መለወጫ ዕለት ተወልደው በቡሄ ዕለት አረፉ። በዚያን ጊዜ አፓርታይድ ገና አልወደቀም፤ ኔልሰን ማንዴላም ገና በእስር ላይ ነበሩ።

ደቡብ አፍሪካ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1992 ወደ ዓለም እግር ኳስ ተመለሰች። ከአራት ዓመት በኋላም የአፍሪካን ዋንጫ አስተናገደች። ጥር 25 ቀን 1988 ዓ.ም. በጆሃንስበርግ በተደረገው የፍጻሜ ጨዋታ ቱኒዚያን 2 ለ 0 አሸነፈች። ሁለቱንም ጎሎች ያገባው ማርክ ዊሊያምስ የተባለ ተቀይሮ የገባ ተጫዋች ነው። ፕሬዚዳንት ማንዴላ በተገኙበት ዋንጫውን ወደ ላይ ያነሣው አምበሉ ኒል ቶቪ ነጭ ነበር፤ በዙሪያው ቆመው ከእርሱ ጋር የሚዘሉት ተጫዋቾች አብዛኞቹ ጥቁሮች ነበሩ። በ1949 ዓ.ም. በካርቱም የደቡብ አፍሪካ መልእክተኛ አገራቸው አትልከውም ያሉት ቡድን ይህ ነበር።